ግማሽ አፍ ጨው

«ግቢ አክስቴ፣ ግቢ! በሩን ግጥም አድርጊልኝ፣ ነፋሱ ጨዉን ሊበትንብኝ ነው። እንዴት ዋልሽ? ጉልበትሽስ? ሊፍቱ ዛሬም አልሠራም አይደል? አይ ይሄ ሕንፃ... በደህና የሚያወጣው ትንፋሽ ብቻ ነው። በይ እዚች በርጩማ ላይ አረፍ በይ። ሳሎን በኋላ ትገቢያለሽ፤ እንግዳችን የትም አይሄዱም። መጋረጃው እንደሆነ ስስ ነው፤ እዚህ ሆነሽም ሳሎን እንዳለሽ ቁጠሪው። እዚያ ያለም... እዚህ እንዳለ ነው።»

ወጥ ቤቱ ውስጥ ቆሞ ይህን ሲል እጁ አላረፈም። በረዶውን በፎጣ ጠቅልሎ በዘነዘና ይወቅጣል፣ ሎሚውን በመዳፉ እየተጫነ ጠረጴዛው ላይ ያንከባልላል፣ ደግሞ ጆሮውን ወደ መጋረጃው ጣል ያደርጋል። ቀልቃላው ነው የሚሉት። ስሙን ያወጣችለት ታላቅ እህቱ ናት፤ አንድ ቦታ ረግቶ መቀመጥ አይሆንለትማ። ትምህርቱንም የተወው ፊደሉ ከብዶት ሳይሆን ወንበሩ ቆርቁሮት ነው ይባላል። አሁን መሃል ከተማ ባለ መጠጥ ቤት ከባንኮኒው ጀርባ ቆሞ መጠጥ ይቀምማል፤ እጁን የቀመሱ ይመሰክሩለታል። እህቱ ግን በሥራው ስለምታፍር፣ ሳሎን ለተቀመጠው እንግዳ «ወንድሜ ምግብ ቤት ነው የሚሠራው» ብላዋለች።

እንግዳው ሊያገባት የጠየቃት ሰው ነው። ሚስት አግብቶ አያውቅም፣ መጠጥ ቀምሶ አያውቅም፤ እንዲህ ብሏታል፣ አምናዋለች። ዛሬ፣ እናት ሆና ባሳደገቻቸው አክስት ፊት፣ እሺታዋን ልትሰጠው ነው። ከዚያ ጸጉር ቤቷን ዘግታ፣ እሱ ቤት ተከራይቶ ወደሚያስቀምጣት ሌላ ከተማ ትሄዳለች። ጠዋት ማበጠሪያዋን እንደያዘች ቀልቃላውን ግድግዳ አስደግፋ አስምላዋለች። አምና የመጣላትን ሰው በአንድ ተረብ አባሮባታልና፣ «ስለዚህኛው ከመልካም በቀር አንዲት ቃል ካፍህ ብትወጣ ጓዝህን ጠቅልለህ ትወጣለህ» አለችው። ማለ። ቀልቃላው ሌላ ሌላው ቢቀርበት መሐላ አይበላም።

«እና አክስቴ፣ ሎሚ ስትገዢ ልጡ ለስለስ ያለውን ምረጪ። ሻካራው ሲያዩት ያምራል እንጂ ውኃ የለውም። ይሄ የምሠራው ማርጋሪታ ይባላል። አትደንግጪ፣ ስሙ ነው እንጂ ጠባዩ ገር ነው። ሁለት እጅ ተኪላ የሚሉት አረቄ፣ አንድ እጅ ሊኬር የሚሉት ጣፋጭ የብርቱካን መጠጥ፣ አንድ እጅ የሎሚ ጭማቂ፣ አለቀ። ቤት ውስጥ መነቅነቂያ የለም ብለሽ አትጨነቂ፤ ይሄው የማር ጠርሙስ፣ ክዳኑ እስካልከዳ ድረስ ይበቃል። በረዶውን ጨምረሽ ንቅንቅ፣ ንቅንቅ... እጅሽን እስኪቆረጥመው። ከዚያ በሻይ ማጥለያ ታጠልዪዋለሽ። ምን ምስጢር አለው? ምስጢሩ ያለው ሰውየው ላይ ነው... ጠጪው ላይ ማለቴ ነው።

«ሎሚ ስል ምን ትዝ አለኝ መሰለሽ? ሃምሳ ሎሚ ለአንድ ሰው ሸክም፣ ለሃምሳ ሰው ጌጥ ነው ትይን ነበር። እኔ ያልገባኝ... አንድ ሎሚ ለሁለት ቤት ሲጨመቅስ? ጌጥነቱ ለየትኛው ቤት ነው፣ ፍሬውና ልጡስ ለየትኛው ይደርሳል? ተይው፣ የቀልቃላ ጥያቄ ነው።

«አሁን የብርጭቆው አፍ። ዙሪያውን በሎሚ ታብሺውና ሳህኑ ውስጥ ባለው ጨው ላይ ትደፊዋለሽ። ያንቺን ሙሉ አፉን ነው ያደረግሁልሽ፣ አንቺ ሙሉ ሰው ነሽ። እንግዳችን ግን... ውይ አክስቴ፣ አልነገርኩሽም! ምን ያሉ አስተዋይ ሰው መሰሉሽ! አንቺ ከመምጣትሽ በፊት ሳህኑን ይዤ ገብቼ ‹ምን ላዘጋጅልዎ?› አልኳቸው። ‹ለኔ ያለ መጠጡ ይሁን፤ አልኮል የሚባል ነገር ካፌ ገብቶ አያውቅም› አሉኝ። ጎሽ! ኮራሁባቸው። ወዲያው ጨዉን አዩና፣ ‹ግማሽ አፉን ብቻ ታደርግልኛለህ› አሉ። እንደ ቀላል! አየሽልኝ ተሰጥኦ? ባሕር አይቶ ሳያውቅ ዋና የሚችል ሰው አጋጥሞሽ ያውቃል? እኔ ግማሽ አፍ ጨው የሚባል ነገር መኖሩን ለማወቅ ስንት ጊዜ ባንኮኒ ፈትጌአለሁ። እሳቸው ግን ከእናታቸው ማህፀን ይዘውት ወጡ። የተባረከ ማህፀን!»

አክስቲቱ ብርጭቆዋን እንደያዘች ቀረች። ከመጋረጃው ወዲያ ሲፍለቀለቅ የነበረው የእህቱ ሳቅ ዝግ አለ። ቀልቃላው ሌላ ሎሚ ለሁለት ገመሰ።

«እውነቱን ልንገርሽ፣ በሥራ ዘመኔ ግማሽ አፍ ጨው ሲያዝ የማውቀው አንድ ሰው ብቻ ነው። እኛ ቤት የሚመጣ አንድ ደንበኛ አለ። እንግዳችንን አላልኩም ደግሞ፣ ምን በወጣኝ! ይሄኛው ሌላ ነው... ሌላ መሆን አለበት። ጥግ ላይ ከዓምዱ ጀርባ ይቀመጣል፤ ባርኔጣው እስከ ቅንድቡ ነው። ፊቱን አይቼው አላውቅም። ትዕዛዙን የሚያመጣልኝ አስተናጋጁ ነው፦ ‹ማርጋሪታ፣ ግማሽ አፍ ጨው›። ስሙን ስለማናውቅ እኛም ግማሽ ጨው አልነው። ግማሽ ጨዋ አይደለም ያልኩሽ፣ በደንብ ስሚኝ፣ ግማሽ ጨው! አንዳንድ ደንቆሮ አስተናጋጅ እየተሳሳተ ጨዋ ይለዋል። እኔ አርማለሁ። የሰው ስም በፊደል ስህተት ለምን ይጉደፍ?

«ለምን በግማሽ እንደሚወድ ሲጠየቅ ምን ቢል ጥሩ ነው? ‹ስፈልግ በጨዋማው በኩል፣ ስፈልግ በለስላሳው በኩል እጠጣለሁ፤ ብርጭቆውን ማዞር ብቻ ነው› አለ። እንዴት ያለ ጥበብ ነው! ጨው ለራስህ ስትል ጣፍጥ፣ አለበለዚያ ድንጋይ ብለው ይጥሉሃል ይባላል። እሱ ግን በዚህ በኩል ጨው ነው፣ በዚያ በኩል ድንጋይ ነው፤ እንግዲህ ማን ይጣለው? ሁለት እግር አለኝ ተብሎ ሁለት ዛፍ አይወጣም የሚሉትም መሰላል የሌላቸው ናቸው።

«ደግሞ ጥንቁቅነቱ! ሊወጣ ሲል ምን እንደሚያደርግ ታውቂያለሽ? መጀመሪያ የናና ቅጠል ያስመጣል። ቅጠል በቅጠል ያኝካታል፣ እንደ ፍየል... እንደ ንጹሕ ሰው ማለቴ ነው። እህቴም ቀን ከሌት የምታደንቀው የእንግዳችንን ትንፋሽ አይደል? ‹ናና ናና ይላል› ትለኛለች፣ ዓይኗን ጨፍና። ይገርማል፣ የናና ወዳጁ በዛ። ከናናው ቀጥሎ ቀለበቱን ያወልቃል። የጣት ቀለበቱን አክስቴ። አውልቆ በመሐረብ ጠቅልሎ ደረት ኪሱ ውስጥ፣ ልቡ ላይ። አይ ፍቅር! ሌላው ሰው ጣቱ ላይ ያስራል፣ እሱ ልቡ ላይ ያስተኛል። አስተናጋጁ ‹ለምን?› ቢለው፣ ‹የምሄድበት ቤት ወርቅ አይወዱም› አለው። ምን ዓይነት ትሑት ቤት ይሆን? የምን ወርቅ የማይወዱ ሰዎች ናቸው... ጸጉር ሠርተው የሚኖሩ፣ በላባቸው የሚያድሩ ይሆናሉ።

«እሳቸውም ታዲያ... ኧረ ምን ነካኝ! እሱም ልል ነው። ምላሴ ዛሬ ሰው አከበረ። እሱም ታዲያ በጣቱ ላይ የቀረችውን ነጭ መስመር በሌላው እጁ ሸፈን አድርጎ ይወጣል። እንግዳችንም እኮ እጃቸውን እንዲህ አነባብረው ነው የተቀመጡት፤ ጨዋ ሰው ሲቀመጥ እንዲህ ነው። ግራው ከታች፣ ቀኙ ከላይ።»

መጋረጃው ተንቀሳቀሰ። እህቱ ናት። የመጋረጃውን ጨርቅ የሙጥኝ እንዳለች በሩ ላይ ቆመች። ጠዋት በሁለት መስታወት መሃል ተቀምጣ የተሠራችው ጸጉር እንዳማረ ነው፤ ከጸጉሩ በታች ያለው ፊት ግን ሌላ ሆኗል። ቀልቃላው አላያትም። ሆን ብሎ አላያትም። ዓይኗን ቢያይ መሐላው ሊያፈተልክበት ነው፤ የሚያውቀውን ሁሉ በአደባባይ ቋንቋ ሊዘረግፈው ነው። ስለዚህ አክስቱን እያየ፣ ባዶውን ብርጭቆ ደፍቶ ግማሽ አፉን ብቻ ጨው አስነካ።

«ክፉ ቃል ተናገርኩ እንዴ አክስቴ? አንዲት? አመሰገንኩ እንጂ። ላመስግን ምያለሁ፣ አመሰግናለሁ። ገና አልጨረስኩም፤ የደግነቱን ነገር መች ነገርኩሽ? ያ ደንበኛችን ብቸኛ ነው አሉ፤ በዚህ ዓለም ማንም የለኝም ብሏል አሉ... የት እንዳለ አትጠይቂኝ። ታዲያ ስልኩ ሲጮህ ብድግ ብሎ በረንዳ ይወጣል። እኔ በረዶ የማወጣበት መስኮት በረንዳው ላይ ነው። ጀርባውን ሰጥቶ፣ ስልኩን እንደ ሕፃን ጆሮው ሥር ታቅፎ፣ እሹሩሩ ይላል። እሹሩሩ! እውነቴን ነው። ‹እንቅልፍሽ አሁን ይመጣል፣ ዓይንሽን ጨፍኚ› እያለ ያባብላል። አንዷ እንቢ ስትል ሌላኛውን ‹አንተ ታላቅ አይደለህ፣ አስተኛት እንጂ› ይላል። ማንም የሌለው ሰው ነው እንግዲህ! ማንን እንደሚያስተኛ አንድዬ ይወቅ። ያልወለደውን የሚያባብል፣ የሌለውን የሚያስተኛ... እንዲህ ያለ ርኅሩኅ በዚህ ዘመን የት ይገኛል? እኔ ሰካራም ሁሉ ፊት ቆሜ አልቅሼ አላውቅም፤ ያን ቀን ግን በረዶው እጄ ላይ ቀለጠ። ለትልቁ ልጅ አዘንኩ... ካለ ማለቴ ነው።»

እህቱ ገባች። ግማሽ አፉ ጨው የተቀባውን ብርጭቆ ከጠረጴዛው አነሳች፤ ወደ መስኮቱ ብርሃን ይዛ ቀስ ብላ አዞረችው። ጨዉ ያለበትን አየች፣ ጨው የሌለበትን አየች። ቀልቃላው ከማር ጠርሙሱ ቀዳላት፣ በሻይ ማጥለያው አጠለለላት፤ ያለ መጠጥ አይደለም፣ እንደ ደንቡ ነው የቀዳው። ይዛው ወደ ሳሎን ተመለሰች። እንግዳው ፊት ስታስቀምጠው የብርጭቆው ቂጥ ጠረጴዛውን ሲነካ እስከ ወጥ ቤት ተሰማ።

አክስቲቱ እጇን አፏ ላይ ጭናለች። ቀልቃላው የጨዉን ሳህን በጣቱ እያስተካከለ ጠበቀ፤ በዕድሜው ለመጀመሪያ ጊዜ አንድ ቦታ ረግቶ ቆመ። እህቱ ዛሬ እሺ ካለች ጸጉር ቤቱ ይዘጋል፣ ሰው የማያውቃት ከተማ ትገባለች፤ እዚያ ማን በረንዳ ወጥቶ ለማን እሹሩሩ እንደሚል አታይም። ይሄን እያሰበ ሳህኑን አሁንም አሁንም ያስተካክላል።

ሳሎን ስልክ መንቀጥቀጥ ጀመረ። ጠረጴዛው ላይ እንደ ተያዘ ዝንብ ጥዝዝ አለ፣ አቆመ፣ እንደገና ጥዝዝ አለ። ያነሳው የለም። ሁለት እጅ ተነባብሮ እንዴት ስልክ ይነሳል?

በመጨረሻ ወንበር ተገፋ። እንግዳው በመጋረጃው ብቅ አለ፤ ባርኔጣው እስከ ቅንድቡ ወርዷል። ወደ መውጫው በር የሚያደርሰው በወጥ ቤቱ በኩል ብቻ ስለሆነ፣ በአክስቲቱ በርጩማና በሎሚው ልጥ መሃል ማለፍ ነበረበት። አንገቱን ደፍቶ አለፈ። ከኋላው እህቱ ያልተነካውን ብርጭቆ ይዛ ቆማለች፤ አልሸኘችውም፣ ቆይም አላለችውም።

ቀልቃላው ቀድሞት ደረሰና በሩን በሁለት እጁ ከፈተለት። ጎንበስ አለ፣ እንደ ደህና አስተናጋጅ። ድምፁ ማር ጠብ የሚል ነበር፦

«ተነሡ እንዴ ጋሼ? ምነው ሳይቀምሱልን? ግድ የለም፣ መንገድዎን ጨርቅ ያድርግልዎ። ቤትዎን ሙሉ ያድርግልዎ። ልጆችዎን ያሳድግልዎ!»