እስከ አሥራ አንድ ቆጥሮ

(ከከተማ ወጣ ብሎ ባለ አሮጌ የአውሮፕላን ማረፊያ፣ የአራት መቶ ሜትር የመኪና ፍጥነት ውድድር ፍጻሜ ሊጀመር ሩብ ሰዓት ሲቀረው፣ የአምስት ጊዜው ሻምፒዮን ግሩም እና መካኒኩ ጋሽ ደጀኔ ከመኪናዋ አጠገብ ቆመው ይጨቃጨቃሉ።)

ግሩም፦ ቁልፉን ስጠኝ አልኩህ እኮ ጋሽ ደጀኔ! እየጠሩን ነው።

ጋሽ ደጀኔ፦ ይጥሩ። ቁልፉ ከማተቤ ጋር ታስሯል፤ ዛሬ ከአንገቴ አይወርድም።

ግሩም፦ አሥራ ስምንት ዓመት ሙሉ በገዛ እጅህ ፈትተህ፣ «በል፣ በሰላም ግባ» ብለህ ስታስጨብጠኝ ኖረህ ዛሬ ምን ነካህ?

ጋሽ ደጀኔ፦ እኔን ነው ምን ነካህ የምትለኝ? ጠዋት በልምምዱ አረንጓዴው መብራት በርቶ አንተ እንደ ሙሽራ ቁጭ ብለህ ቀረህ። ያቺ የተጋጣሚህ ነጭ መኪና መንገዱን ስታጋምስ ነው የተነሳኸው።

ግሩም፦ ነገርኩህ አይደል? መኪናዋ ከብዳኛለች።

ጋሽ ደጀኔ፦ በመኪናዋ አታሳብ! ምሳዬን ትቼ ሞተሯን ብፈትሽ ብፈትሽ ምንም አጣሁባት።

ግሩም፦ ጉዱ ያለው ነጯ ላይ ነው። ኤሌክትሪክ ናት አሉ። ድምፅ የሌላት መኪና ምን የምትሉት ነገር ናት? ፍሪጅ እንኳን ያጉረመርማል!

ጋሽ ደጀኔ፦ ብታጉረመርም ባታጉረመርም አንተ ምን አገባህ? የምትነሳው በመብራት ነው።

ግሩም፦ ተወው፣ ቁልፉን ስጠኝ።

ጋሽ ደጀኔ፦ ግሩም? በመብራት አይደለም እንዴ የምትነሳው?

ግሩም፦ ቀስ በል፣ ሰው ይሰማል።

ጋሽ ደጀኔ፦ ወይ ጉድ!

ግሩም፦ ከዓምና ጀምሮ መሃሉ ጠፍቶብኛል ጋሼ። ዳር ዳሩ ይታየኛል፤ ፊት ለፊቴ ያለው ሁሉ ጭጋግ ነው። ከጎኔ የተሰለፈው ተወዳዳሪ ሞተሩን ሲያስጮህ አብሬው እነሳለሁ። የዓምናውን ዋንጫ የወሰድኩት በጆሮዬ ነው።

ጋሽ ደጀኔ፦ ለእኔ እንኳን አትነግረኝም? በሽታውን የደበቀ መድኃኒት አይገኝለትም ሲባል አልሰማህም?

ግሩም፦ የተናገረውም አልተገኘለት! ሦስት ሐኪም ጋ ሄጃለሁ። ሦስቱም «አይመለስም» አሉኝ።

ጋሽ ደጀኔ፦ ቆይ፣ መጨረሻውንስ? ፍሬን የምትይዘው በምንህ አይተህ ነው?

ግሩም፦ ከተነሳሁ ጀምሮ ሰከንዱን እቆጥራለሁ። አሥራ አንድ ስል እረግጣለሁ። አንድም ቀን ስቼ አላውቅም።

ጋሽ ደጀኔ፦ የጌታ ያለህ! «ከብዳኛለች» ስላልከኝ የቱርቦውን ግፊት ጨምሬልሃለሁ እኮ! አሁን በአሥር ሰከንድ ትጨርሳለች። አሥራ አንድ ስትል ተመልካቹ የቆመበትን ገመድ በጥሰህ ሰው መሃል ነህ!

ግሩም፦ እንግዲያው እስከ አሥር እቆጥራለሁ።

ጋሽ ደጀኔ፦ ኧረ አንተ ሰው፣ በሰው ነፍስ ነው እንዴ የምትቆጥረው?

ግሩም፦ አንተ ከጎኔ ቁምልኝ። አረንጓዴው ሲበራ ጣሪያዋን መታ አድርግልኝ፣ ሌላውን ለእኔ ተወው።

ጋሽ ደጀኔ፦ ሕጉም አይፈቅድ፣ እጄም አይታዘዘኝ።

ግሩም፦ እግርህ ላይ ልውደቅ ጋሼ! ከዚች ወንበር ከወረድኩ እኔ ምንድን ነኝ? ሌላ ምን አውቃለሁ? ደግሞ ዛሬ ኤልዳና ትመጣለች። እናቷ እየከለከለቻት አባቷ ሲነዳ አንድ ቀን አይታ አታውቅም። ልጄ አንዴ ትየኝ! አንዴ ብቻ። ከዚያ በኋላ ማንም ሳይነግረኝ ራሴ አቆማለሁ።

ጋሽ ደጀኔ፦ መጥታለች።

ግሩም፦ መቼ? የታለች?

ጋሽ ደጀኔ፦ ጠዋት እዚችው ቆማ፣ ጥርሷን ብልጭ አድርጋ እጇን አውለበለበችልህ። አንተ ፊት ለፊት አይተሃት ዝም ብለህ አለፍካት።

ግሩም፦ አላየኋትም።

ጋሽ ደጀኔ፦ እሱማ አሁን ገባኝ። እሷ ግን «አባዬ ለምን ተቀየመኝ?» ብላኝ እንባዋ መጣ። ምን ልበላት? «ሲዘጋጅ እንዲህ ነው የኔ ልጅ፤ መጨረሻው ጋ ሆነሽ ጠብቂው፣ ሲያሸንፍ ቀድመሽ እቀፊው» አልኳት።

ግሩም፦ መጨረሻው ጋ?

ጋሽ ደጀኔ፦ ገመዱ ጋ። በአንተ መንገድ ትክክል። ይኸው፣ ቁልፉን ፈታሁት። አሥራ ስምንት ዓመት ከልክዬህ አላውቅም። ልጅህ እዚያ ቆማ ቁጥሬን አልስትም የምትል ከሆነ፣ እንካ ውሰድ።

ግሩም፦ መልሰህ እሰረው ጋሼ። ይልቅ እጄን ያዝና ወደ ልጄ ውሰደኝ፤ ብቻዬን ብሄድ ከሰው ለይቼ አላውቃትም።