ዘሩ ያልተጠየቀ ጎማ

መኪና ያለው ሰው ሁሉ መኪና ያውቃል ብሎ የሚያምን ካለ የመተማውን አቶ ዋሴን አላገኛቸውም ማለት ነው። አቶ ዋሴ አሥራ አንድ ዓመት ሙሉ አንዲት ነጭ ፊያት ነድተዋል። በእነዚያ ዓመታት ግን ሞተሯ ሲንተከተክ «ጉንፋን ይዟታል» ከማለት፣ ጎማዋ ሲያልቅም «ገና ክሩ አልታየም» እያሉ ከመከራከር በቀር ስለ መኪናዋ ጠይቀው የተረዱት አንድም ነገር አልነበረም። ይህ እሳቸውን ለማሳጣት የተባለ አይደለም። እንደ እሳቸው ያለው ሰው ብዙ ነው፣ የሚያናድደውም ብዛቱ ነው።

በሺህ ዘጠኝ መቶ ሰባ ስምንት ዓ.ም. በጥር ወር፣ አንድ ሐሙስ ረፋድ ላይ፣ እኒህ ሰው አራት የሚያብረቀርቁ ቸርኬዎች ከነጎማቸው በመኪናቸው ጣሪያ ላይ አስረው ወደ ሸዲ ይነዱ ነበር። ሸዲ ላይ «የማይገጥም ነገር የለም» የሚል አንድ በያጅ እንዳለ ተነግሯቸዋል። ገና ከመተማ ሳይወጡ ግን ያረጀው የኋላ ጎማቸው ፈነዳ። የፈነዳውም የሰውን ሁሉ ደጅ አልፎ በጀይሉ ጋራዥ ፊት ለፊት ስለነበር አቶ ዋሴ በሩን በኃይል ወርውረው ወረዱ።

ጀይሉ የጨርቅ ነጋዴው የኢሳ ልጅ ነው። ባሕር ዳር ሁለት ዓመት ስለ መኪና ተምሮ፣ አብደራፊ የእርሻ ትራክተሮችን ሲጠግን ቆይቶ፣ በአባቱ ግቢ ከኒም ዛፍ ሥር ጋራዥ ከከፈተ ገና ዓመቱ ነው። አቶ ዋሴ ይህን ሰምተው «ጎማ ለመንቀል ትምህርት ቤት የሚያስገባ ምን አለ?» እያሉ ሲስቁበት ከርመዋል። አሁን ያ የሳቁበት ልጅ ክሪኩን አንጠልጥሎ፣ እጁን በጨርቅ እየጠረገ፣ ጎንበስ ብሎ ጤና ይስጥልኝ አላቸው። ደግ ነው፣ ያችን የፈነዳች ጎማ አውጥቶ ከእነዚህ ከአዲሶቹ አንዱን እንዲያስርላቸው አዘዙት።

ጀይሉ ጣሪያው ላይ ያሉትን ቀና ብሎ አየና ከየትኛው መኪና የወጡ እንደሆኑ ጠየቀ።

«ከመኪና ነዋ! ከበቅሎ ይወጣል?» አሉት አቶ ዋሴ።

የቸኮሉበት ምክንያት አላቸው። እሑድ የልጃቸው የአይናዲስ ሠርግ ነው። ሙሽራው የጭልጋ ሰው ነው፤ መኪና ስለሌለው ሙሽራዪቱ በአባቷ ፊያት ሆና ያንን ጠመዝማዛ ዳገት ትወጣለች። አቶ ዋሴ ደግሞ ከአብዮቱ በፊት ሽንፋ ላይ ሰፊ የሰሊጥ እርሻና ሁለት ትራክተር የነበራቸው ሰው ናቸው። መሬቱም ትራክተሮቹም ተወርሰው በስማቸው የቀረችው ይህችው ፊያት ናት። በሠርጉ ቀን ሰው «ዋሴ ዛሬም ዋሴ ነው» እንዲል ቢመኙ አይፈረድባቸውም። የባለቤታቸው ወንድም ቢሻው ይህን ምኞታቸውን አውቆ ነው ከድንበሩ ማዶ፣ ከሱዳኗ ገላባት እነዚያን ሰፋፊ ጎማዎች ያመጣላቸው። ሻጩ «ኩሉ ዋሂድ!» አለው፤ ሁሉም አንድ ነው ማለቱ ነው። ቢሻው አመነ፣ አቶ ዋሴም ቢሻውን አመኑ።

ጀይሉ አንዱን አውርዶ አገላብጦ አየው። ከዚያም ይህን ጎማ በዚህች መኪና ላይ እንደማያስር፣ የፈነዳውን ግን ጠግኖ ከሸኛቸው በኋላ ስለ ሌላው ቢነጋገሩ እንደሚሻል በትሕትና ነገራቸው።

የአቶ ዋሴ ደም ሥር ተገተረ። በገዛ መኪናቸው፣ በገዛ ጎማቸው፣ ትናንት የተወለደ ልጅ አላስርም ይላቸዋል! «ስማ አንተ ልጅ» አሉ፣ «የእኔ መኪና ስንት ብሎን አላት? አራት። ይኸ ቸርኬ ስንት ቀዳዳ አለው? አራት። አራት ለአራት ከሆነ አንተ የምትከለክለኝ በየትኛው አዋጅ ነው?»

የግቢው አጥር የሰሊጥ አገዳ ነበርና ጀይሉ ከዚያ አንድ ቀጭን አገዳ መዘዘ። የፈነዳውን ጎማ ፈታና ከአንዱ የብሎን ቀዳዳ መሐል እስከ ቀጣዩ መሐል ለክቶ አገዳውን በቢላ ቆረጠ። «ጋሼ፣ በራስዎ እጅ ያኑሩት» ብሎ ሰጣቸው። አቶ ዋሴ አገዳውን ተቀብለው በሚያብረቀርቀው ቸርኬ ቀዳዳዎች ላይ አኖሩት። አነሰ። መልሰው አኖሩት፣ አሁንም አነሰ።

«የአንዲት ፍሬ ሰሊጥ ያህል ናት!» ብለው ጮኹ። «ለአንዲት ፍሬ ሰሊጥ ነው ሠርጌን የምታጨናግፈው? በሞረድ ሰፋ አድርጋት!»

እዚህ ላይ ጀይሉም ፊቱ ተለወጠ፤ ለመለወጡም ምክንያት ነበረው። በዚህ አገር ያልገጠመ ነገር ሁሉ የሚፈረድበት በሞረድና በመዶሻ ነው። ብሎን እምቢ ካለ ይቀጠቀጣል፣ ቀዳዳ ከጠበበ ይፋቃል፣ ከላላ ጨርቅ ይጎሰጎስበታል። ከዚያ መኪናው ገደል ሲገባ ቀኑ ጎደሎ ነበር ይባላል። አብደራፊ ሳለ እንዲህ የታሰረ የተሳቢ ጎማ በመንገድ ላይ ወልቆ፣ ተሳቢው ተገልብጦ፣ ከላይ የነበሩ ሁለት የቀን ሠራተኞች ሲሞቱ ጀይሉ ቆሞ አይቷል። በማግስቱ ማንም ስለ ብሎኑ አላነሳም፤ የተወራው ስለ ዕድላቸው ነበር።

«ጋሼ ዋሴ፣ እርስዎ የሰሊጥ ሰው ነዎት» አለ ድምፁን ዝቅ አድርጎ። «ከሽንፋ የጫኑት ጆንያ የአንዲት ፍሬ ሰሊጥ ያህል ቀዳዳ ቢኖረው ጎንደር ሲደርስ ምን ይቀረዋል?»

አቶ ዋሴ ባለ እርሻ ሳሉ ለእንዲህ ያለ ቀዳዳ ስንቱን ጆንያ ሰፊ ከሥራ እንዳባረሩ ያውቃሉ።

«ይኸም እንደዚያው ነው» ብሎ ቀጠለ ጀይሉ። «ብሎኑ ቀጥ ብሎ ካልገባ፣ ስናጠብቀው የጠበቀ ይመስላል እንጂ አልያዘም። ተጣሞ ይቆማል። መኪናዋ በኮረኮንቹ በተንገጫገጨች ቁጥር ጥቂት ጥቂት ይላላል። የሚወልቅበትን ቦታ እኔም እርስዎም አንመርጥለትም።»

አቶ ዋሴ ግን በቀላሉ እጅ የሚሰጡ ሰው አልነበሩም። የብሎኑን ነገር ለጊዜው ተዉትና ስለ ጎማው ትልቅነት ይሟገቱ ጀመር። የሚሉትም ውሸት አልነበረም፤ መንገዱ ድንጋይ ነው፣ የእነሱ አገር መሬት መረሬ ነው፣ ትንሽ ጎማ ሆዷን እያስፈገፈገ አሥራ አንድ ዓመት አንገላቷቸዋል። ከፍ ያለ ጎማ መኪናዋን ከፍ ያደርጋታል። ሰፊ ጎማ መሬት ይቆነጥጣል። ደግሞስ ያምርባታል፣ ሙሽራ የምትወጣበት መኪና ማማር የለባትም ወይ? ይህን ሁሉ እየተንጎራደዱ ተናገሩ።

ጀይሉ እስኪጨርሱ ሰማቸው። እሑድ ስንት ሰው እንደሚሳፈር ሲጠይቃቸው ሙሽሮቹ፣ ሚዜዎቹ፣ ቢሻውና ለዕለቱ የሚነዳላቸው ሾፌር ማሩ ጭምር ዘጠኝ ይሆናሉ አሉ። ከኒሙ ጥላ ሥር የማሽላ ውቂያ ጨርሰው ወደ አገራቸው የሚወስዳቸውን ጭነት መኪና የሚጠብቁ የጎጃምና የወሎ ሠራተኞች ተቀምጠው ነበር። ጀይሉ የፈነዳውን ጎማ ጠግኖ ወደ ቦታው ከመለሰ በኋላ፣ ሁለት ሰፋፊ ጎማዎችን ለማሳያ ያህል ከፊት አንጠለጠለ። ሁለት ብሎን ገባ፣ ሦስተኛው ተንጋደደ፣ አራተኛው ጭራሽ እምቢ አለ። ክሪኩን ቀስ አድርጎ አወረደና ሠራተኞቹን ገብታችሁ ተቀመጡልኝ ብሎ ለመናቸው።

ዘጠኝ ሰው ገባ። አንዱ ጎጃሜ «ኧረ ይች መኪናስ ሳትወልድ አታድርም» ብሎ ሁሉንም አሳቀ። ፊያቷ ከፊትም ከኋላም ዝቅ አለች። ፓራፋንጎው በጎማው ላይ ተቀመጠ። ጀይሉ በመስኮቱ እጁን አስገብቶ መሪውን ሲያዞር ጎማው ከብረቱ ጋር ተፋጭቶ ጮኸ፤ ግማሽ መንገድ ሄዶም ቆመ። ወደ ቀኝ ሞከረ፣ ቆመ። ወደ ግራ ሞከረ፣ ቆመ።

«ይሞክሩት» አላቸው።

አቶ ዋሴ ራሳቸው በሾፌሩ ቦታ የነበረውን አስወርደው ተቀመጡና በሁለት እጃቸው ታገሉ። መሪው አልዞረም። በመስተዋቱ ወደ ኋላ ሲያዩ ከመሐል ወንበር ላይ፣ በግራና በቀኝ ተጨናንቃ፣ አንዲት ወጣት የወሎ ሴት ሠራተኛ ሻሿን እያስተካከለች ተቀምጣለች። እሑድ እዚያ ቦታ የምትቀመጠው አይናዲስ ናት። የጭልጋው ዳገት መታጠፊያ በዓይናቸው መጣ፤ በአንድ በኩል ግድግዳ፣ በሌላው በኩል ገደል። አቶ ዋሴ ፈሩ። እንዲህ የፈሩበትን ቀን አያስታውሱም።

መሪውን ለቀው ወረዱ። ጀይሉ በርጩማ አምጥቶ አስቀመጣቸውና እንዲህ አላቸው፦

«ጋሼ፣ ይቅር ይበሉኝና፣ ለሙሽራው ሰባት ቤት ቆጥረዋል አይደል?»

«እንዴታ! ሦስት ወር አስጠይቄያለሁ። የአያቱን አያት ሳይቀር።»

«መልካም አድርገዋል። ልጅዎን ለሚሸከማት ጎማ ግን የመጣበትን አንድ ቤት እንኳ አልጠየቁለትም። ሙሽራው ዘሩን ሊደብቅዎት ይችል ነበር፤ ጎማ ግን አይደብቅም፣ ዘሩን በጎኑ ላይ ጽፎ ይዞራል። ያጣው የሚያነብለት ሰው ነው።»

ይህ ንግግር ከብሎኑም ከፓራፋንጎውም ይልቅ ገባቸው። መጀመሪያ በቢሻው ላይ፣ ቀጥሎ በገላባቱ ሻጭ ላይ፣ መጨረሻ ላይ በራሳቸው ላይ ተቆጡ። «እኔ ነኝ እንጂ ጥፋተኛው!» አሉ። «ያ ሰውዬ ሁሉም አንድ ነው ያለው ለእሱ አንድ ስለሆነ ነው። ገደል የምትገባው የእኔ ልጅ እንጂ የእሱ አይደለች! እኔ እንዴት አንድ ነው እላለሁ?»

ከዚያ ወዲያ ክርክሩ ቀርቶ ትምህርት ሆነ። ጀይሉ የአሮጌውን ጎማ ጎን በጨርቅ ወልውሎ ቁጥሮቹን አሳያቸው። አቶ ዋሴ መሠረተ ትምህርት የገቡት ቀበሌ አስገድዷቸው ቢሆንም ቁጥር ያነባሉ። መቶ ሃምሳ አምስት የሚለው የጎማው ስፋት ነው። አሥራ ሦስት የሚለው ጎማው የሚቀመጥበት የቸርኬው ልክ ነው፤ ባለ አሥራ አራት ጎማ በባለ አሥራ ሦስት ቸርኬ ላይ በምንም መላ አይቀመጥም። ቸርኬውም ቢሆን የቀዳዳው ቁጥር ብቻ ሳይሆን የቀዳዳዎቹ ርቀት፣ የመሐሉ ክብ፣ ወደ ውስጥና ወደ ውጭ የሚገባበት ልክ ከመኪናው ጋር መስማማት አለበት። የአቶ ዋሴ የጥንቱ ቸርኬዎች አንድም ስንጥቅ የላቸውም፣ ያለቀው ጎማው ነው። ስለዚህ ቸርኬ መቀየር ሳይቸግር ጤፍ ብድር ነው። ጎማውም ሲገዛ አራቱም አንድ ዓይነት ይሁን፣ ቢያንስ የፊቶቹ እርስ በርስ፣ የኋላዎቹም እርስ በርስ ይመሳሰሉ። በፀሐይ ተሰጥቶ የከረመ ጎማ አዲስ ቢመስልም ጎኑ ተሰነጣጥቋልና በጥፍር ከፈት እያደረጉ ይዩት። ጀይሉ ይህን ሁሉ በወረቀት ጻፈላቸው።

አርብ ጠዋት አቶ ዋሴ ቢሻውን አልላኩም። ራሳቸው ወደ ገላባት ተሻገሩ። ያው ሻጭ ያንኑ ቃል ሲደግምላቸው ወረቀቱን አፍንጫው ሥር ዘርግተው ቁጥሩን በጣታቸው እየመቱ አነበቡለት። ሰውዬው ትከሻውን ነቅንቆ ወደ ጓዳ ገባና ልክ ያንን ቁጥር የያዙ አራት ጎማዎች አወጣ። ለካ ነበሩት! ጠያቂ ስላልነበረ ነው ያላወጣቸው። ቅዳሜ ጀይሉ በጥንቶቹ ቸርኬዎች ላይ ገጠማቸው። ብሎኖቹ በጣት እየተሽከረከሩ ገቡ። የሚያብረቀርቁት ቸርኬዎች ግን የሚገጥማቸው ዓይነት መኪና እስኪመጣ ጋራዡ ውስጥ ተቀመጡ።

እሑድ ሙሽራዪቱ ልትወጣ ስትል እንደ ልማዱ ሚዜው፣ ዘመዱ፣ የሚያጨበጭበው ሁሉ ወደ ፊያቷ ተጋፋ። የሙሽራ መኪና ካልተጨናነቀ ሠርግ አይመስልም የሚባል ክፉ ልማድ አለ። አቶ ዋሴ ጋቢያቸውን ወደ ትከሻቸው ወርውረው በሩ ላይ ቆሙ፤ ከሾፌሩ ጋር አምስት ሰው፣ ከዚያ በላይ አንድም አይገባም፣ የቀረው በጭነት መኪና ይከተል አሉ። ቀድሞ ገብቶ የተቀመጠው ቢሻው እንደ ዕብድ አያቸው።

«ኧረ ጋሼ፣ የጭልጋ ሰው ምን ይላል? ዋሴ ደህይቶ በዚያችው ባጠረች ጎማ ልጁን ላከ፣ ሚዜውን በጭነት መኪና ጫነው ቢለንስ?»

«ይበል» አሉ አቶ ዋሴ። «ሐሜቱን የምሸከመው እኔ ነኝ። ልጄን የሚሸከማት ግን ጎማው ነው። በል ውረድ!»

ቢሻው ወረደ። አጉረመረመ፣ ግን ወረደ። አይናዲስ ከመኪናው ውስጥ አባቷን አየችና እጃቸውን ሳመች፣ መኪናዋም ሄደች።

ማሩ ፊያቷን ይዞ የተመለሰው ማክሰኞ ነው። አቶ ዋሴ ከደጅ ተቀበሉትና ከድግሱ በፊት ስለ መንገዱ ጠየቁት። እሱም ነገራቸው። ሦስተኛው መታጠፊያ ላይ እህል የጫነ ትልቅ መኪና ያለ ጥሩምባ ድንገት ወርዶባቸው ነበር። መሪውን እስከ መጨረሻው አዙሮ ከግድግዳው ሥር ተለጠፈ፤ ጭነት መኪናው የስንዝር ያህል ርቀት ላይ አለፈ። ሙሽራዪቱ ጮኸች፣ ከዚያ ሳቀች፣ ከዚያ መንገዳቸውን ቀጠሉ። አቶ ዋሴ «እስከ መጨረሻው ዞረ?» ብለው ጠየቁ። «እስከ መጨረሻው» አላቸው ማሩ። አዛውንቱ እመሬት ላይ ቁጭ ብለው በጋቢያቸው ፊታቸውን ሸፈኑ።

ዛሬ ከመተማ እስከ ሸዲ ጎማ ሊቀይር የሚሄድ ሰው አቶ ዋሴን ካገኘ ሳይመከር አያልፍም። ልኩን የጠበቀ ጎማ እኩል እንደሚያልቅና ዕድሜ እንደሚኖረው፣ ነዳጅ እንደሚቆጥብ፣ ፍሬኑ በጊዜው እንደሚይዝ፣ መሪው እንደሚታዘዝ አንድ በአንድ ያስረዱታል። በሞረድ ይስፋልኝ የሚል ካጋጠማቸው ግን ምክሩን ያቆማሉ። የመኪናውን ቁልፍ ከእጁ ይነጥቁና «ልጅ አለህ?» ብለው ይጠይቁታል።