የእትዬ ፀሐይነሽ ቀይ እጀታ

ቅዳሜ፣ ጥር 23 ቀን 2018 ዓ.ም.፣ ደሴ።

የጠዋት ሽያጭ፦ ሁለት የሱቅ ታፔላ፣ አንድ የፈትሂያ ጥልፍ የትራስ ልብስ፣ አንድ የወንጌላዊት የገበያ ሥዕል። «ቆንጆ ነው» ብለው ፎቶ አንስተው የሄዱ ብዙ ናቸው፤ እነሱን ከሽያጭ አልቆጥራቸውም።

ከሰዓት በኋላ እትዬ ፀሐይነሽን በጡረታ ሸኘናት። ንግግሩ እኔ ላይ ወደቀ። ፈትሂያ መስማት የተሳናት ስለሆነች በእጇ ነው የምትናገረው፤ እንግዶቹ ግማሹን አይረዷትም። ወንጌላዊት አፏን ስትከፍት ታለቅሳለች። እኔ ሻጭ ነኝ፣ አላለቅስም። የሕንፃው ባለቤት ጋሽ ብሩም ተጋብዘው ፊት ለፊቴ ተቀምጠዋል። የበራችንን የዊልቸር መወጣጫ ሰኞ አስፈርሰው በቦታው የስልክ ሽፋን መሸጫ ኪዮስክ ሊያስገቡ መሆኑን ሁላችንም እናውቃለን፤ እሳቸውም ማወቃችንን ያውቃሉ። ስለዚህ ንግግሩን ለሁለት ሰው አዘጋጀሁት። ያልኩትን፣ ጣልቃ የተገባብኝንም ጨምሬ፣ እዚህ አስቀምጠዋለሁ።

እትዬ ፀሐይነሽ፣ ጋሽ ብሩ፣ እኅቶቼ፣ እንግዶቻችን፤

መጀመሪያ ስለ ዳቦው ላውራ። ይህ የሥዕልና የጥልፍ ቤታችን ያኔ አንዲት ክፍል ብቻ ነበር፤ ጎናችን ደግሞ የጋሽ ብሩ ዳቦ ቤት። ቀኑ ዝናብ ነበር። ደሴ ነውና ይህን መናገር አያስፈልገኝም። አንዲት ሴት በሁለት ክራንች ደረጃችን ሥር ቆማለች፤ ጀርባዋ ላይ በላስቲክ የተጠቀለለ ነገር አዝላለች። ፒያሳ ላይ ክራንች ይዛ ሰው ደጃፍ የቆመች ሴት ምን ፈልጋ እንደቆመች ሁሉም ሰው ያውቃል። ማለቴ፣ የሚያውቅ ይመስለዋል። ጋሽ ብሩ ደግ ሰው ናቸው፤ ትኩስ ዳቦ ይዘው ከች አሉ።

«እንቺ እናቴ፣ ስለ ማርያም።»

እትዬ ፀሐይነሽ ዳቦውን ተቀበለች። አገላበጠችው። ወደ ብርሃን አድርጋ አየችው።

«እግዜር ይስጥልኝ» አለች፤ «ሞዴል አጥቼ ነበር።»

ከዚያ ደረጃው ላይ ቁጭ ብላ ላስቲኩን ፈታች፤ ሰሌዳና ቀለም አወጣች፤ ዳቦውን ሳለችው። ሥዕሉን ስትጨርስ ሞዴሉን በላችው። ለሥራ ነበር የመጣችው፤ ፈተናውንም ማንም ሳይፈትናት አለፈች።

ጋሽ ብሩ ሥዕሉን ዳቦ ቤታቸው በር ላይ ሰቀሉት። ያ ነው ስሕተታቸው። ደንበኛ ሁሉ መጣላት ጀመረ፤ «ይሄን አይደለም፣ እዚያ ላይ ያለውን ስጡኝ!» እያለ። ዳቦ ቤቱ ከተዘጋ ስንት ጊዜው ነው፤ ጋሽ ብሩ ግን እስከ ዛሬ «ያዘጋችኝ እሷ ናት» ይላሉ።

(ጋሽ ብሩ፦ «ታዲያ ሐሰት ነው?» እትዬ ፀሐይነሽ፦ «እርሾዎት ነው እንጂ ያዘጋዎት!»)

ከጥቂት ዓመት በኋላ ክራንቹ ትከሻዋን በላውና ዊልቸር መጣ። ዊልቸር ደግሞ ደረጃ አይወጣም። መወጣጫ ይሥሩልን ብለን ጋሽ ብሩን ለመንናቸው። «ይታሰብበታል» አሉ። ሲታሰብበት ክረምቱ ገባ። እኛም የሱቃችንን በር ከማጠፊያው ነቀልነውና ደረጃው ላይ አጋደምነው። ጠዋት በሩን መወጣጫ እናደርገዋለን፣ ማታ መወጣጫውን በር እናደርገዋለን። ቀን ቀን በር የሚባል የለንም። ጉሙ ሰተት ብሎ ገብቶ አብሮን ይውላል። የፈትሂያ ክር ይረጥባል፤ የወንጌላዊት ቀለም አልደርቅ ይላል። ደንበኛው የሚያንኳኳው አጥቶ በእግሩ ወለሉን ያንኳኳል። አንድ ቀን ጋሽ ብሩ ኪራይ ሊጠይቁ መጡ።

«በሬ የት ሄደ?»

«ቆመውበታል» አለቻቸው እትዬ ፀሐይነሽ።

በሳምንቱ ሲሚንቶ ፈሰሰ። ለእሷ አዝነው አይመስለኝም፤ ለበሩ አዝነው ነው። እኛ ግን የመጣ ደግነት ምንጩ አይመረመርም ብለን መረቅን። ቁልቁለቱ ከደሴ ወደ ኮምቦልቻ የሚወርደውን የሐረጎን መንገድ ስለሚያስታውስ «ትንሿ ሐረጎ» ብለን ስም አወጣንለት። እነሆ በየቀኑ ትንሿን ሐረጎን እንወጣለን፣ እንወርዳለን፤ እንደ ትልቁ ሐረጎ ጠያቂ ፖሊስ የለበት።

አሁን ወደ ቀዩ እጀታ ልምጣ። እዚህ ከተማ ውስጥ ዊልቸር ያየ ሰው ሁሉ እጁን ይበላዋል። ሳይጠይቅ ይገፋል። ወደ ግራ ልትሄድ የነበረችውን ወደ ቀኝ ወስዶ «አብሽሪ እናቴ፣ አደረስኩሽ» ብሎ ተመርቆ ይሄዳል። እትዬ ፀሐይነሽ ያለፍላጎቷ ሙጋድ ሰፈር ድረስ ተወስዳ ታውቃለች። ስለዚህ አንድ ዘዴ ፈጠረች። ጠዋት ጠዋት የዊልቸሯን እጀታ ቶሎ የማይደርቅ ቀይ የዘይት ቀለም ትቀባዋለች። ሳይጠይቅ የነካ ይቀላል። «ልግፋሽ?» ብሎ ለጠየቀ ደግሞ ጉልበቷ ላይ ንጹሕ ጨርቅ አለ፤ እጀታው ላይ ጣል ታደርግለታለች። ፒያሳ ላይ መዳፉ የቀላ ሰው ካያችሁ ደግ ሰው ነው፤ ጆሮ ብቻ ነው የጎደለው።

አንድ ዓመት በአካል ጉዳተኞች ቀን ልትሸለም አንድ አዳራሽ ተጠራች። የየትኛው መሥሪያ ቤት እንደሆነ አልናገርም፤ ነገ ታፔላ ያሠሩን ይሆናል። በረንዳው ላይ «አካታችነት ለሁሉም» የሚል ሸራ ተሰቅሏል፤ አዳራሹ ፎቅ ላይ ነው። አራት ጎረምሳ ከነወንበሯ እንደ ሙሽራ ተሸከሟት። መሐል ደረጃ ላይ ሲደርሱ ጮኸች፦

«አውርዱኝ! የመጣሁት ሥዕሌን ላሳይ እንጂ ክብደቴን ላስመዝን አይደለም!»

አላወረዷትም፤ ፕሮግራሙ ዘግይቶ ነበር። መድረኩ ጋ ስትደርስ የክብር እንግዳው፣ ግራጫ ሙሉ ልብስ የለበሱ ሰውዬ፣ ካሜራ ሲያዩ ተንደርድረው መጥተው ከኋላ ገፏት። ከዚያ ስለ ጽናት ንግግር አደረጉ። ንግግሩ ረጅም ነበር፤ ላብም ነበረው። ላቡን በእጃቸው ጠረጉ። በመጨረሻ ተራ ይዘው የቆሙትን ኃላፊዎች ሁሉ ጨበጡ፤ እነሱም እርስ በርሳቸው ተጨባበጡ። ያን ቀን በዚያ አዳራሽ ማን ማንን እንደጨበጠ ለመጀመሪያ ጊዜ በግልጽ ታየ።

ጋዜጠኛው መጣ። «በዚህ ሁኔታዎ እንዴት ይሥላሉ?»

«በብሩሽ።»

«ማለቴ፣ ትልቁ ተግዳሮትዎ?»

«የቀለም ዋጋ።»

ቃለ መጠይቁ አልተላለፈም። የምስክር ወረቀቱ ግን አለ፤ በእጅ አሻራ የደመቀ ነው።

የኮምቦልቻውን ግድግዳ ታስታውሳላችሁ። የአንድ ሆቴል ረጅም ግድግዳ ላይ የከብት ገበያ ተሥሎ ነበር። እትዬ ፀሐይነሽ ተቀምጣ እጇ እስከደረሰበት ሠራች፤ ከዚያ በላይ ያለውን መሰላል ላይ ወጥቶ ይኸው እዚህ የተቀመጠው ሠዓሊ ወንድምአገኘሁ ጨረሰ። ሄዳችሁ እዩት። ከወገብ በታች ከብቱ ሊሄድ ነው፤ ሰኮናው አቧራ ያስነሣል። ከወገብ በላይ ግን፣ ወንድምአገኘሁ ወንድሜ፣ አትቀየመኝ፣ በሬዎቹ ሁሉ የጋሽ ብሩን ኪራይ ያልከፈሉ ይመስላሉ።

(ወንድምአገኘሁ፦ «መሰላሉ ይወዛወዝ ነበር!»)

በምረቃው ቀን ባለሆቴሉ «ሠዓሊ ወንድምአገኘሁን እና ረዳቱን እናመሰግናለን» አለ። ሁላችንም ደነገጥን። እትዬ ፀሐይነሽ ግን ዊልቸሯን አንከባልላ ወደፊት መጣችና «ለከብቱ ጭንቅላቱን የሰጠው እሱ ነው» አለች፤ «እግሩን የሰጠሁት እኔ ነኝ። የቱ እንደሚሻል ከብቱን ጠይቁት።» ለወንድምአገኘሁ ምስጋና ይግባው፤ ራሱ ወርዶ ስሟን ግድግዳው ላይ በትልቁ ጻፈው።

ሴት ሆነሽ ሠዓሊ መሆን ይህንን ነው የሚመስለው። ጎብኚ ይመጣል። ለፈትሂያ ይጮህላታል፤ ሲጮህ የምትሰማ ይመስል። ወንጌላዊትን «ባልሽ ፈቀደልሽ?» ይላታል። ሥዕሉን ሳያይ ዊልቸሩን ያይና «ለአካል ጉዳተኛ በጣም ቆንጆ ነው» ይላል። እኔ ሻጭ ነኝ፤ ድሮ እንዲህ ያለውን ሰው ወዲያው አስከፍዬ ልሸኘው እቸኩል ነበር። እትዬ ፀሐይነሽ ናት ያስቆመችኝ። «መርየም፣ በእዝነት የሚገዛ ሰው ሥዕሉን ቤቱ አይሰቅለውም፤ ለሌላ አሳዛኝ ይሰጠዋል። አትሽጭለት» አለችኝ። ወላሂ፣ እንደ ነጋዴ አመመኝ። ግን እውነቷን ነው። የእሷ ሥራ ያለባቸው ቤቶች ሥራውን ወደው ነው የሰቀሉት፤ ደንበኛም እንዲህ ነው የሚገኘው።

እንግዲህ ቀልዱ ይብቃ፤ ቁም ነገር ልናገር።

ወንጌላዊት የወለደች ጊዜ ብሩሿን አጥባ፣ በጨርቅ ጠቅልላ፣ «በቃኝ፣ ልሂድ» ብላ መጣች። ቤተሰብም «ልጅ ይዞ ምን ሥዕል አለ?» ብሏታል። እትዬ ፀሐይነሽ ምክር አልሰጠችም። «ነይ ልጅቷን ወዲህ በያት» ብላ ጉልበቷ ላይ አስቀመጠቻት። ከዚያ ቀን ጀምሮ ሕፃኗ በዊልቸር ትንሿን ሐረጎን ስትወርድ ስትወጣ ዋለች፤ እናትየው ሠራች። ዛሬ ጠዋት የሸጥኩት የገበያ ሥዕል በዚያ ጉልበት ላይ የተረፈ ነው። ከፈትሂያ ጋር ደግሞ ሁላችንም በጽሑፍ ስንግባባ ሳለ እሷ ብቻ የእጅ ቋንቋውን ተማረች፤ ኋላ እኛን አስተማረችን። እትዬ፣ ስለዚህ ሁሉ እናመሰግንሻለን። ትከሻሽ እምቢ እስኪል ድረስ የዚህን ከተማ ጫማ ቤት፣ ሥጋ ቤት፣ ፀጉር ቤት አስውበሻል፤ ለራስሽ የሳልሽው አንድ ያ ዳቦ ብቻ ነው። እሱንም ጋሽ ብሩ ወሰዱት።

እና ጋሽ ብሩ፣ አንድ ነገር ብቻ። «ፀሐይነሽ ከወጣች መወጣጫው ለማን ነው?» ብለዋል ሲባል ሰማሁ። ትናንት በር ላይ ቁጭ ብዬ ለማን እንደሆነ አየሁ። የቀለም በርሜል ተንከባሎ ገባበት። ከቦሩ ሜዳ ሆስፒታል የተመለሱ አንዲት እናት ልጃቸውን ተደግፈው ጥልፍ ሊያዩ ወጡበት። የኪዮስኩ ልጅ አብይ ቦታውን ሊለካ መጣና እሱም ደረጃውን ትቶ በዚያው ወጣ። ደግሞ አንድ ጉልበታቸውን የሚያማቸው ሽማግሌ አሉ፤ ሁልጊዜ ከሰዓት ወሬ ሊጠይቁን ሲመጡ ደረጃውን በዓይናቸው እንኳ አያዩትም። ማን እንደሆኑ አልናገርም፤ ፊት ለፊቴ ተቀምጠዋል።

ማክሰኞ ደግሞ በእትዬ ፀሐይነሽ ቦታ የምትሠራ ሠዓሊ ከሐርቡ ትመጣለች። እየሩስ ትባላለች፤ በዊልቸር ናት። መወጣጫው ካለ ትገባለች፣ ከሌለ ደረጃው ሥር ትቆማለች። ያኔ፣ ጋሽ ብሩ፣ አደራዎትን ዳቦ ይዘው እንዳይወጡ። ሞዴል አላጣችም።

አሁን ብርጭቋችሁን አንሡ። ቃሪቦ ነው፣ የማያሰክር የገብስ መጠጥ፤ ሁላችንም እንጠጣዋለን። እትዬ ፀሐይነሽ፣ ትከሻሽ ይረፍ። ማንም ያላዘዘውን፣ ማንም ቀብድ ያልሰጠበትን ሥዕል ለመሣል ዕድሜውን ይስጥሽ። የቀለም ዋጋ ይውረድልሽ። ደጅሽ ሰፊ፣ ቁልቁለትሽ ለስላሳ ይሁን። ለእትዬ ፀሐይነሽ!

ጠጣን። ፈትሂያ ሁለት እጇን ከፍ አድርጋ አርገበገበች፤ መስማት የተሳናቸው ሰዎች የሚያጨበጭቡት እንዲህ ነው። ሁላችንም እንደዚያው አደረግን። ጋሽ ብሩ ብቻ አንገታቸውን ደፍተው ቀሩ። ቆይተው ብርጭቋቸውን ጨለጡና ተነሡ።

«መርየም፣ ምላስሽ የነጋዴ ነው።»

«ሥራዬ ነው ጋሽ ብሩ።»

«የሰኞውን ሠራተኛ አላስቀረውም፤ ቀብድ ሰጥቼዋለሁ።» ብርጭቋቸውን ጠረጴዛው ላይ አስቀመጡ። «ይመጣል። ጠርዙ ተሸርፏል፣ ይጠግነዋል። ኪዮስኩ ሌላ ቦታ ይፈልግ። ሲሚንቶው ግን ከእናንተ።»

«ከእኛ» አልኩ፣ ሐሳባቸውን ሳይለውጡ።

ከዚያ ወደ እትዬ ፀሐይነሽ ዊልቸር ኋላ ሄዱ። እጃቸውን ዘርግተው፣ እጀታው ላይ ሳያደርሱት፣ አየር ላይ አቆሙት። በእነዚህ ሁሉ ዓመታት ሳይጠይቁ ገፍተው ስንት ጊዜ እንደቀሉ ያውቃሉ።

«ፀሐይነሽ፣ ልግፋሽ?»

እትዬ ፀሐይነሽ ዞር ብላ አየቻቸው። ጉልበቷ ላይ ያለውን ጨርቅ አንሥታ እጀታው ላይ ጣል አደረገች።

«ቀስ ይበሉ፣ ሐረጎ ነው» አለች። ወረዱ።

ነገ እሑድ፦ ኮምቦልቻ መውረድ፤ ከነጋዴው ከየሱፍ መደብር ሲሚንቶና አሸዋ ማስጫን። ሰኞ ማለዳ ሠራተኛው ከመድረሱ በፊት ዕቃው በሩ ላይ መገኘት አለበት። ስመለስ ቀይ የዘይት ቀለም፣ ለእየሩስ።