ለጊዜያዊ ሠራተኛ ማኅደር አይከፈትም

አሳየች ያን ዕለት ጧት ከእንጦጦ ቁልቁል ስትወርድ ደሟ ፈልቶ ነበር። በእጇ የጨበጠችው የመሥሪያ ቤቷ ደብዳቤ «በጊዜያዊነት ያገለገሉበት ስድስት ዓመት ማስረጃው በማኅደርዎ ስለሌለ ለእርከን ጭማሪ ሊታሰብልዎ አይችልም» ይላል። አለቀ፣ ደቀቀ! ስድስት ዓመት በችግኝ ጣቢያው ጀሪካን ተሸክማ ዳገት ወጥታለች፤ በውርጭ ጣቷ እየደነዘዘ አፈር ሞልታለች። በሰባተኛው ዓመት፣ አንድ ቀን እንኳ ሳታቋርጥ፣ እዚያው ሥራ ላይ ቋሚ ሆነች። ደመወዟ ግን ትናንት ከተቀጠረ ሰው እኩል ነው።

ማርያም መገንጠያው ላይ ከኪዳን ከሚመለሱት ከአቶ ወልደ ኢየሱስ ጋር ተገናኘች። እኚህ ሽማግሌ የዚያው መሥሪያ ቤት መዝገብ ቤት ኃላፊ ሆነው ኖረው ጡረታ የወጡ፣ ምክር የማያልቅባቸው ሰው ናቸው።

«እንደምን አደርሽ ልጄ? ፊትሽ ምነው ጠቆረ?»

«እግዚአብሔር ይመስገን ጋሼ። እስቲ ይችን ይመልከቱልኝ!»

መነጽራቸውን አውጥተው አነበቡና አጣጥፈው መለሱላት።

«ታዲያ ይሄ ምኑ ያስቆጣል? ጊዜያዊ ማለት እንግዳ ነው። እንግዳ ደግሞ ከቤቱ ድርሻ አይጠይቅም። ቋሚ ስላደረጉሽ አመስግነሽ መቀመጥ ነው።»

«እንግዳ? እንግዳማ ይበላል፣ ይጠጣል፣ ይሸኛል! ስድስት ዓመት ውሃ የሚያመላልስ እንግዳ የት አዩ? ያፈላሁት ጽድ ‹የጊዜያዊ እጅ ነው የተከለኝ› ብሎ አልደረቀም፤ ይኸው ቆሟል!»

«ቢሆንም ደንብ ደንብ ነው።»

«ደንቡን አንብቤዋለሁ! የመሥሪያ ቤታችን መመሪያ ሳያቋርጥ በያዘው ሥራ ላይ ቋሚ ለሆነ ሰው የጊዜያዊነት ዘመኑም ይታሰብለታል ይላል። የጎደለው ማስረጃ ነው። ደብዳቤዎቼን ከማኅደሬ ማን አወጣቸው? አቤቱታ የሚቀበሉት እስከ ዛሬ ብቻ ነው። ዛሬ ካለፈኝ ስድስቱ ዓመት ውሃ በላው ማለት ነው።»

«ቅጂ አልያዝሽም?»

«ለጊዜያዊ ቅጂ አይሰጥም፣ ፈርመሽ ሂጂ ተባልኩ። የፈረምኩትም እርስዎ ጠረጴዛ ላይ ነው!»

ሽማግሌው ጉሮሯቸውን ጠረጉ። «ሰማይ አይታረስ፣ ንጉሥ አይከሰስ ልጄ። አለቃውን ደጅ ብትጠኚ…»

«ካልተናገሩ ደጃዝማችነት ይቀራል የምትሉትስ እናንተው አይደላችሁም? ምን በደልኩና ነው ደጅ የምጠናው? የምለምነው ምጽዋት ነው እንዴ? የሠራሁበትን ነው!»

አቶ ወልደ ኢየሱስ መንገዱ መሐል ቆሙ። እንዲህም አሉ፦

«ደብዳቤሽን ያወጣው የለም፤ መጀመሪያውኑ አልገባም። ነገ ለሚሄድ ሰው ማኅደር አይከፈትም እያልኩ የጊዜያዊዎቹን ደብዳቤ ሁሉ በአንድ ሲባጎ አስሬ ከመደርደሪያው ጀርባ እወረውረው ነበር። እኔም የተረከብኩት አሠራር ነው። ቋሚ ስትሆኚ ወደ ማኅደርሽ ማዛወር ነበረብኝ። ጡረታዬ ደርሶ ነበርና ተውኩት።»

«ተውኩት! ከሥራ ወጥቼ እስኪመሽ የሰው ልብስ የማጥበው በእርስዎ ‹ተውኩት› ነዋ!»

ክፉ ሰው ሰርቋት ቢሆን ይሻላት ነበር። ሌባ ይያዛል፣ ይከሰሳል። «ልማድ ነው» እየተባለ የሰው ዕድሜ ሲበላ ግን ማን ማንን ይይዛል? ሽማግሌው ጨዋ ናቸው፣ ጿሚ ናቸው፤ የማንንም ሳንቲም አልነኩም። በአንድ ሲባጎ ግን የስንቱን ልፋት አንቀው ኖሩ!

«ፈረድሽብኝ፤ እውነትሽን ነው» አሉ አንገታቸውን ደፍተው። «ታክሲ ያዥ፣ እንሂድ።»

የካ፣ መሥሪያ ቤቱ ሲደርሱ አዲሱ የመዝገብ ቤት ኃላፊ ማቲዎስ በትሕትና ተቀበላቸው። ነገሩን ሰምቶ ግን «ይቅርታ ጋሼ፣ የጡረተኛ ቃል ማስረጃ አይሆንም» አለ።

«ቃሌን ማን ስጥልኝ አለህ? ወረቀቱን ነው የምሰጥህ!» አሉና ከመደርደሪያው ጀርባ እጃቸውን ሰደው አቧራ የጠጣ እስር ጎትተው አወጡ። የአሳየች ስድስት ደብዳቤዎች እዚያው ነበሩ። ሽማግሌው «ማኅደር ያልከፈትኩት እኔ ነኝ፤ ጥፋቱም የእኔ ነው» ብለው በእጃቸው ጽፈው ፈረሙ። አቤቱታዋም ከነማስረጃው ገብቶ የቀኑ ማኅተም አረፈበት።

«ስማኝ ማቲዎስ» አሉ። «ከዛሬ ጀምሮ ለአንድ ወርም ቢሆን ለሚቀጠር ሰው በገባበት ቀን ማኅደር ክፈትለት፤ ቅጂውንም በእጁ ስጠው። ቋሚ የሆነ ቀን አገልግሎቱ ተቆጥሮ ይጠብቀዋል፤ ደጅ አይጠናም፣ አማላጅ አይፈልግም። እናንተም ከክርክር ታርፋላችሁ። ሠራተኛውም ድካሜ ይቆጠርልኛል ብሎ ከልቡ ይሠራል።»

«እሺ ጋሼ፣ ዛሬውኑ እጀምራለሁ» አለ ማቲዎስ።

አሳየች የቀሩትን ወረቀቶች እያገላበጠች ነበር። «ይሄስ? ስሙ ረዳ ይላል፤ የችግኝ ጣቢያው ዘበኛ። ስምንት ደብዳቤ!»

ማቲዎስ መዝገቡን ገልጦ አየ። «አምና ጡረታ ወጥቷል። ስምንቱ ዓመት አልተያዘለትም። ጡረታው የተሰላው በዝቅተኛው እርከን ነው።»

አቶ ወልደ ኢየሱስ ወንበሩ ላይ ዘፍ አሉ። «ረዳ ጎረቤቴ ነበር እኮ…» አሉ ቀስ ብለው። «በጡረታ ሲሸኝ መርቄዋለሁ።»

«አሁን አያት ሰፈር ነው ያለው፤ ቤቱን አውቀዋለሁ» አለች አሳየች። ንዴቷ አልበረደም። «ይነሱ ጋሼ። እርስዎ ራስዎ ይነግሩታል።»

ሽማግሌው የረዳን ስምንት ደብዳቤዎች አስቆጥረው ቅጂ አስነሡ፤ ቅጂዎቹን ለመረከባቸው ፈርመው በደረት ኪሳቸው ያዙና ተከተሏት።