የተገለበጠው ስድስት ቁጥር

ሱሪ ለማሳጠር የሄደ ሰው በአባትና በልጅ መካከል ዳኛ ሆኖ ይቀመጣል ቢሉኝ አላምንም ነበር። ሐሙስ ከሰዓት በኋላ ከትምህርት ቤት ስመለስ፣ ሱሪዬን በጋዜጣ ጠቅልዬ ወደ ልብስ ሰፊው ጎረቤቴ ሱቅ ጎራ አልኩ። እኚህን ሰው ሰፈሩ «ጋሼ ኪስ» ይላቸዋል። ኪስ የሌለው ልብስ ልብስ አይመስላቸውም። ቀሚስ ይሁን ሽርጥ፣ ደንበኛው ፈለገም አልፈለገ፣ አንድ ኪስ ሳያበጁለት ከእጃቸው አይወጣም።

ልጃቸውን እዚያ አገኛታለሁ ብዬ አላሰብኩም ነበር። የምህንድስና ተማሪ ናት፤ ከዚያም በላይ የብሔራዊ የሴቶች ራግቢ ቡድን ተጫዋች ናት። ራግቢ እንቁላል የምትመስል ኳስ ታቅፈው የሚሮጡበት፣ ለጓደኛ ሲያቀብሉ ግን ወደ ኋላ ብቻ የሚወረውሩበት ጨዋታ ነው። የሮጠችውን ይዞ መጣል ይፈቀዳል። ይቺ ልጅ እሷ ዘንድ የደረሰ ሰው ስለማያልፍ «ግንቧ» ተብላለች። ቡድኑ ገና ዳዴ የሚል ነው፤ ሜዳውን ከእግር ኳስ ቡድኖቹ በልመና ይወስዳል፣ ኳሶቹም ቁጥራቸው ከአንድ እጅ ጣት አይበልጥም።

ጋሼ ኪስ መጀመሪያ ላይ ጨዋታውን በዓይናቸው ማየት አይፈልጉም ነበር። «ያሳደግኳት ጭቃ ላይ እንድትንከባለል ነው?» ይሉ ነበር። ቡድኑ ማሊያ የሚገዛበት አጥቶ እሳቸው ጋ በመጣ ጊዜ ግን ልባቸው ውሃ ሆነ። ማሊያዎቹን በሙሉ በገዛ እጃቸው ሰፉ። ኪስም ሊያስገቡባቸው ነበር፤ ጣት ገብቶ ይሰበራል ብላ ልጅቱ ለምና አስተወቻቸው። ከዚያ ወዲህ «ቡድናችን» ሆነ ወሬያቸው።

«እንኳን መጡ፣ መምህር» አሉ መርፌያቸውን ጨርቁ ላይ ሰክተው። «እስቲ ይፍረዱን። ከነገ ወዲያ ከጎረቤት አገር ቡድን ጋር እዚሁ ግጥሚያ አለ። ሰፈሩ በሙሉ ሊያያት ተዘጋጅቷል። እሷ ግን አልጫወትም ትለኛለች።»

«አልጫወትም አላልኩም፣ አባዬ» አለች ቀስ ብላ። «የቡድኑ ሐኪም ዛሬ ታየኛለች። ራሴን ገና ያመኛል። ይህን ከነገርኳት አታስገባኝም ነው ያልኩህ።»

«ታዲያ አትንገሪያታ! ሐኪም የሚያውቀው የነገሩትን ነው።»

ነገሩ የገባኝ ያኔ ነው። ቡድኑ ባለፈው ሳምንት ውጭ አገር ሄዶ የመጀመሪያውን ዓለም አቀፍ ግጥሚያ ተጫውቷል። ግንቧ ከአንዷ ጋር ጭንቅላት ለጭንቅላት ተጋጭታ ወደቀች፤ ተነሳች፤ ጥቂት ተጫውታም በራሷ እግር ወደ ሐኪሟ ሄዳ «ነገር ሁሉ ሁለት ሆኖ ይታየኛል» አለች። ወዲያው አስወጧት። ቡድኑም ክፉኛ ተሸነፈ። ወሬው ከእሷ ቀድሞ ሰፈር ገብቶ «ግንቧ ፈረሰች» እየተባለ ይሳቅባት ነበር። አባትየው ይህን ሰምተው አንገታቸውን ደፍተዋል።

እኔም ክፍል ውስጥ የማወጣውን ድምፅ አወጣሁ። «ጋሼ፣ ክንድ ሲሰበር ያብጣል፣ ያስታውቃል። አንጎል ሲናወጥ ግን ከውጭ አይታይም። የመጀመሪያው ሳይድን ሁለተኛ ከተመታች ደግሞ የሕይወት ጉዳይ ነው» ብዬ ብዙ አወራሁ። እሳቸው በትሕትና ራሳቸውን እየነቀነቁ የሱሪዬን ጫፍ ይለካሉ። ንግግር የሚለካ ሜትር ቢኖራቸው ኖሮ የእኔንም ያሳጥሩት ነበር።

«መምህር፣ የተማረ ሰው አነጋገር ነው፤ አላቃለልኩትም» አሉ። «እኔ ግን ይቺን ልጅ እናቷ ከሞተች ጀምሮ ብቻዬን ነው ያሳደግኳት። ስትወድቅ ‹ምን ሆንሽ?› ብያት አላውቅም። ‹ምንም አልሆንኩም በይ› ነው የምላት። እንባዋ ጉንጯ ላይ እያለ ‹ምንም አልሆንኩም› ትላለች። ምን ላድርግ? ሁለታችንም ብናለቅስ ማን ያባብለን ነበር?»

አንጀቴን በሉት።

ልጅቱ ግን ወንበሯን ወደ አባቷ አስጠጋች። «እሱ አባባል አሳድጎኛል፣ አባዬ። ያን ዕለትም ስወድቅ መጀመሪያ ከአፌ የወጣው እሱ ነው። ዳኛዋ ስትጠይቀኝ ‹ምንም አልሆንኩም›፣ ጓደኞቼ ሲጠይቁኝ ‹ምንም አልሆንኩም›። ወዲያው አንዷ ኳስ ይዛ ወደ እኔ ሮጠች። ሁለት ሆና ታየችኝ። የሌለችውን ልይዝ ተወረወርኩ። ያለችው አለፈችኝና ከኋላዬ የነበረችውን የቡድናችንን ትንሿን ልጅ ገጭታ ጣለቻት። ከኋላዬ የሚቆሙት እኮ እኔን አምነው ነው። ወደ ሐኪሟ የሄድኩት ያኔ ነው።»

ጋሼ ኪስ ሜትራቸውን ጣታቸው ላይ ጠቀለሉ፤ ፈቱ፤ እንደገና ጠቀለሉ። «እሱ ያለፈው ሳምንት ነው» አሉ በመጨረሻ። «አሁን ተሽሎሻል። ሰው ፊት ቀና ብዬ ልሂድ፣ ልጄ።»

ልጅቱ አባቷን አየቻቸው። የእኔ ትምህርት ያላሸነፈው የአባቷ ልመና እሷን ሲያሸንፋት ዓይኔ እያየ ነው። «እሺ፣ አባዬ» አለች። «ደህና ነኝ እላታለሁ።» ቦርሳዋን አነሳች።

አባትየው ፊታቸው ፈካ። «ተባረኪ! በይ ማሊያሽን ስጪኝ፤ ከመሄድሽ በፊት የተቀደደውን እጅጌ ልጠግነው።»

«ተወው፣ ሌላ ጊዜ» ብላ ቦርሳዋን እቅፍ አደረገች። እሳቸው ግን የማሊያው ጫፍ ብቅ ብሎ ስለነበር ሳብ አድርገው አወጡት። እጃቸው ጀርባው ላይ ሲደርስ ቆመ። የሚለጠፍ ፕላስተር ነበረበት። ላጡት። ወደ በሩ ብርሃን ይዘውት ሄዱ፤ ወደ አፍንጫቸው አስጠጉት፤ ደግሞ አራቁት።

«መምህር፣ ይሄ ስንት ቁጥር ነው?»

«ዘጠኝ» አልኩ ነገሩን ሳላውቅ።

«ስድስት ነው የሰፋሁት» አሉ። ድምፃቸው ከሳ። «የእሷ ቁጥር ስድስት ነው።»

ልጅቱ መልሳ ተቀመጠች። «ገልብጠህ ነው የሰፋኸው፣ አባዬ። ሜዳ ላይ ሁለት ዘጠኝ ቁጥር ሆንንና ዳኛዋ ጨዋታውን አስቆመች። ሐኪሟ ፕላስተር ለጥፋ በእስክሪብቶ ስድስት ጻፈችበት።»

«ለምን አልነገርሽኝም?»

«እያፏጨህ የሰፋኸውን ማሊያ? እንዴት ብዬ?» ዓይኗ እንባ ሞላ። «ዓይንህ እንደደከመ አውቃለሁ። ክር በመርፌ አስገቡልኝ ብለህ ደንበኛ ስትለምን ስንቴ አይቼሃለሁ። ስጠይቅህ ምን አልከኝ?»

ጋሼ ኪስ የስፌት መኪናቸው ላይ ተደግፈው፣ «ምንም አልሆንኩም» አሉ። «እንደሱ ነው ያልኩሽ።»

«እኔም ካንተ ነው የተማርኩት።»

«ፈራሁ እኮ፣ ልጄ። ዓይኑ ደክሟል ከተባለ ማን ልብሱን ይሰጠኛል?»

«እኔም ፈርቻለሁ። ካልተጫወትኩ ማን ግንቧ ይለኛል?»

ሽማግሌው አፋቸውን በመዳፋቸው ሸፈኑ። የሚያለቅሱ መስሎኝ ነበር፤ ይስቁ ነበር። ከዚያ ግን እውነትም አለቀሱ፣ ልጅቱም አለቀሰች። የሚያባብል ጠፍቶ አልቀረም፤ አባት ልጁን፣ ልጅም አባቷን አባበሉ።

«ተነሺ» አሉ ኮታቸውን እየለበሱ። «አብሬሽ እሄዳለሁ። ያመመሽን አንዱንም ሳታስቀሪ ንገሪያት። ለዓይን ወዴት እንደሚኬድም ትንገረኝ።» የእኔ ሱሪ ጠረጴዛው ላይ እንደተዘረጋ ሱቁን ዘግተው ሄዱ።

ሐኪሟ ግንቧን አላስገባቻትም። በማግስቱ ጋሼ ኪስ መነጽር ተለካላቸው፤ ያንኑ ዕለት ስድስት ቁጥሩን ፈትተው አቅንተው ሰፉት፣ ተተኪዋ ልጅም ለበሰችው። ሱሪዬም ቅዳሜ ጠዋት ደረሰልኝ፣ ጉልበቱ ላይ ያላዘዝኩት ኪስ ተጨምሮበት።

ከሰዓት በኋላ ሦስታችንም ሜዳው ዳር ተቀመጥን። ጋሼ ኪስ የእያንዳንዷን ተጫዋች ቁጥር ጮክ ብለው ያነባሉ። ልጆቻችን ሲበለጡ ቆይተው አንዷ ኳሷን ከመስመሩ ማዶ መሬት ስታስነካ ሕዝቡ ፈነዳ፤ በቡድኑ ዕድሜ የመጀመሪያዋ ነጥብ ነበረች። ጥቂት ቆይቶ ተተኪዋ ስድስት ቁጥር ተጋጭታ ወደቀች። ተነስታ ትንሽ ተንገዳገደችና እጇን ወደ ሐኪሟ ዘርግታ በራሷ ጊዜ ከሜዳ ወጣች። ከኋላችን ፉጨት ተነሳ። «ፈራች! ፈራች!» አሉ ጎረምሶቹ።

ጋሼ ኪስ ብድግ ብለው ብቻቸውን አጨበጨቡ። «ጎበዝ! ጎበዝ ልጄ!» ፉጨቱ ቀዝቀዝ አለ። እኔ ተነሳሁ፤ ቀጥሎ አንዲት እናት፤ ቀጥሎ በእኛ በኩል ያለው ሰው በሙሉ።

ያን ቀንም ቡድናችን ተሸንፏል። ዛሬ ግን በዚያ ቡድን ውስጥ ጭንቅላቷን የተመታች ልጅ ሳትድን አትገባም፤ አመመኝ ያለችም አይሳቅባትም። ግንቧ ድና ስትመለስ ከኋላዋ የሚቆሙት እንደ ድሮው አምነዋት ቆሙ። የአባቷ ደንበኛ አልቀነሰም፤ ስፌታቸው ቀጥ ስላለ እንዲያውም ጨመረ። ሕመምን ደብቆ መቆም ጥንካሬ የሚመስለው ወገኔ ሁሉ ከእነዚህ አባትና ልጅ ቢማር ብዬ ነው ይህን የጻፍኩት። ያኔ ሜዳው ዳር ሆኜ ግን ይህን ሁሉ አላሰብኩም። ፊት ለፊታችን የተቀመጠ ሰውዬ ዞሮ፣ «የወጣችው ልጅዎ ናት እንዴ?» ሲላቸው እሰማ ነበር።

«የለም» አሉ ጋሼ ኪስ። «የእኔዋ ይቺትና፣ ከጎኔ።» ኮታቸውን ትከሻዋ ላይ ጣል አደረጉላትና ጎንበስ ብለው፣ «ዛሬስ ራስሽ እንዴት ነው?» አሏት።

«ትንሽ ያመኛል፣ አባዬ።»

«ጎሽ» አሉ፤ ራሷንም ቀስ አድርገው ደረታቸው ላይ አስጠጉት።