ላንቴ ላይ የተገዛው ሙዝ

በወላጆች ቀን ትምህርት ቤት ያሳየኋት አጭር ፊልሜ ቅዳሜ ከሰዓት በከተማው አዳራሽ እንድትታይ ተመረጠች! በፊልሟ ውስጥ ያሉት ሁለት እህቶችና የታክሲ መቀመጫ የሆነ አንድ አግዳሚ ወንበር ብቻ ናቸው፤ ታላቅየዋ የእናታቸውን ሞት ደብቃ «ትንሽ አሟት ነው» እያለች ታናሿን ወደ ቤት ትወስዳለች።

ዜናውን እንደሰማሁ ከአርባ ምንጭ ወደ ምዕራብ ዓባያ በሚሄድ ሚኒባስ ተሳፈርኩ። ሙዝ የሚሸጥባትን ላንቴን እንዳለፍን ከኋላዬ የተቀመጡ እህትማማቾች፣ የእኔ መሆኗን ሳያውቁ፣ በወላጆች ቀን ስላዩዋት ፊልም ማውራት ጀመሩ።

«ባትዋሻት ይሻል ነበር» አለች ታናሽየዋ።

«መርዶ ታክሲ ውስጥ ይነገራል እንዴ? ቤት ተደርሶ፣ ዘመድ ተሰብስቦ ነው እንጂ።»

«አባባ የሞተ ጊዜ እኔንም ጉንፋን ነው ብለሽ አመጣሽኝ። ላንቴ ላይ ሙዝ ገዛሽልኝ።»

«ታዲያ በባዶ ሆድሽ ታልቅሺ?»

«ለቅሶ ቤት እየሳቅኩ ገባሁ እኮ፣ እትዬ! የሰዉ ዓይን እስካሁን ያቃጥለኛል።»

«እኔ ደግሞ ሙዙም መንገዱም ባያልቅ እያልኩ ነበር።»

ታናሽየዋ ጭኗ ላይ ያለውን ሙዝ አገላብጣ አየች።

«ዛሬስ? ዛሬም ገዝተሽልኛል። ማን ሞቶ ነው?»

«ረክሶ ነው፣ አንቺ!»

«እስቲ እማዬ ትሙት በይ!»

«ደውዪና ራሷን ጠይቂያት።»

ደወለች። ስልኩ ብዙ ጠራ።

«አቤት! የት ደረሳችሁ? ጨው እንዳትረሱ!» የሚል የእናት ድምፅ ሚኒባሱን ሞላው።

«እስቲ አሁን አንቺ ‹እማዬ ትሙት› በይ» አለች ታላቅየዋ።

«መጀመሪያ አንቺ በይ።»

እኔ ይህን ስሰማ መውረጃዬን አለፍኩ፤ እናንተ ግን አንድ ቀን «ትንሽ አሟት ነው» ብሏችሁ ከሚያውቅ ሰው ጋር ቅዳሜ ፊልሟን ለማየት ኑ።