የኮሶው ጥላ

«ስም ጠራሁ? አንተው ፍረድ እንጂ፣ አንዱዬ። የማንም ስም ከአፌ አልወጣም። ታዲያ ምን ያስቆጣሃል?»

ልብስ ሰፊው አንዱአምላክ ሊመልስላት ቢፈልግም አይችልም፤ በከንፈሮቹ መካከል አምስት ስድስት ስፒል ነክሷል። ስፒሎቹን ከመንከሱ በፊት ግን «እንግዳ አለ፣ ዝም በይ» ብሎ ጥልፍ የምትጠልፍለትን አለምወርቅን ተቆጥቷት ነበር፤ ጭቅጭቁም የተነሳው ከዚያ ነው።

እንግዳው ደሳለው በልብስ ስፌት ቤቱ መስታወት ፊት እጆቹን ዘርግቶ ቆሟል። አንድ እጅጌ ብቻ የተገጠመለት ኮት ከላዩ ላይ በስፒል ተያይዟል። ትንሽ በተነቃነቀ ቁጥር አንዱ ስፒል ብብቱን ይወጋዋል። የፊታችን እሁድ በደብረ ታቦር አዳራሽ ሊሸልሙት ነው። ስሙን ለአገር ያሳወቀለት «ጥላው» የተባለው የሮክ ዘፈኑ ነው። ሽልማቱን ከመቀበሉ በፊትም ዘፈኑ እንዴት እንደተወለደ ለሕዝቡ ይናገራል።

አለምወርቅ ከስፌት መኪናዋ ላይ ቀና ሳትል ጥልፏን ቀጠለች።

«እሺ፣ ስለ ሌላ እናውራ። ድንቹን አየኸው ዘንድሮ? ከጉና የሚወርደው እንዴት ያለ ነው... አንዱ ብቻውን ቤተሰብ ያጠግባል። ብርዱ ነው እንጂ ያስቸገረው። እናቴ እንኳ ብርዱን ሸሽታ እኔ ጋ ከገባች ወዲህ ጉልበቷ ተሻላት። ይቺን ቀሚስ የምጠልፈው ለእሷ ነው፣ ለእሁድ። ‹እኔ አሮጊቷ አዳራሽ ገብቼ ምን እሠራለሁ?› ትለኛለች። ምን ትሠራለች... ዘፈን ትሰማለቻ።»

ደሳለው ትንሽ ቀለል አለው። ድንች፣ ብርድ፣ የአሮጊት ጉልበት። ሴትዮዋ ዝም ብላ የምታወራ ናት ማለት ነው።

«ዘፈን ከተነሳ አይቀር፣ እኔን የሚገርመኝ ያ ‹ጥላው› ነው፣ አንዱዬ። እንዲህ ያለ ዕድለኛ ዘፈን አይተህ ታውቃለህ? መጀመሪያ እዚሁ ከተማ ሲዘፈን ጊታሩ ቢጮህባቸው ጀኔሬተሩ ተበላሸ ብለው ሊያጠፉ የሮጡ ነበሩ። አንዷማ የልጄ ጆሮ ሊጠፋ ነው ብላ አዝላው ወጣች አሉ። ከዚያ ዘፈኑ አዲስ አበባ ሄደና በካሴት ተመለሰ። ያን ጊዜ ሁላችንም ከድሮም እንወደው ነበር አልን። ይኸው አሁን ሙሽራ ያለ እሱ አይገባ፣ ከሐሙሲት የሚመጣው ሚኒባስ ያለ እሱ አይነሳ። ግጥሙስ ቢሆን...

ነይ እንጂ፣ ነይ እንጂ፣ ምን ያስቀምጥሻል፣
ልቤ አልቆ ሳለ ጥላው ይዞሻል።

በሬዲዮ ሲከራከሩበት አልሰማህም? ጥላው ሞት ነው አለ አንዱ። ያለፈ ዘመን ነው አለ ሌላው። አንዲቱ ደግሞ የቀድሞ ፍቅረኛ ነው ብላ አለቀሰች። ዘፋኙን ሲጠይቋቸው ‹ለአድማጭ የተተወ ነው› አሉ። ትሕትና ማለት ይሄ ነው። ሌላ ሰው ቢሆን እኮ ‹ኮሶ ነው› ብሎ ይገላገል ነበር...»

ስፒሉ ደሳለውን ወጋው። ኮሶ የሚለውን ቃል ከዚያ ዘፈን ጋር ሰው ሲያነሳ ሰምቶ አያውቅም። ስለ ዘፈኑ አወላለድ እሱ ሁልጊዜ የሚናገረው ሌላ ነው፤ አዲስ አበባ፣ መብራት የጠፋበት ሌሊት፣ አንዲት ሻማ። ከመደጋገሙ የተነሳ ሻማዋን በዓይኑ እስኪያያት ደርሷል።

«ምን አልከኝ? እህ፣ አፍህ ውስጥ ያለው ስፒል ነው ለካ... የቱ ኮሶ ነው ማለትህ ነው? ያ ጉና ሥር ከገብሱ ማሳ ዳር የነበረው ነዋ። እናቴ ናት ያጫወተችኝ። ሰው ደቦ ወጥቶ ገብስ ያጭዳል። ከከተማ የመጣ አንድ የቀበሌ ኪነት ልጅ ብቻ ጊታሩን ታቅፎ ኮሶው ሥር ተቀምጧል። ሰነፍ ነበር እንዳትል ታዲያ። እንዲያ ያለ ለስላሳ እጅ ማጭድ ቢቆርጠውስ? አገር ዘፈን ልታጣ አልነበር? ደቦ ላይ ደግሞ ዜማ የምታወጣው ሴት ወደ ኋላ የቀረውን ሳትወርፍ አታልፍም። የእናቴ የዘነበች አፍ ያን ጊዜ ምላጭ ነበር። ነዶዋን እንደተሸከመች...

ና እንጂ፣ ና እንጂ፣ ምን ያስቀምጥሃል፣
ገብሱ አልቆ ሳለ ጥላው ይዞሃል።

አለችው። ማሳው በሙሉ ተቀበላት። ልጁስ ተቆጣ? አልተቆጣም። በጊታሩ አጀባት እንጂ። ቆይቶም ‹ገብሱ›ን አውጥቶ ‹ልቤ›ን አገባበት። ቀላል ጥበብ መሰለህ? እኔ ይሄን ሁሉ ዘመን ስጠልፍ ኖሬ አንድ አበባ ከቦታዋ ባነሳ ቀሚሱ ይበላሽብኛል...»

ደሳለው መስታወቱን ትቶ መሬት መሬት ያይ ጀመር። ልጅቷን አስታወሳት፤ ፀጉሯ ላይ ገለባ ነበረ። ያን ቀን ሁሉም ሲስቁ እሱም ስቆ ነበር። ከተማ ተመልሶም ለጓደኞቹ «አንዲት የጉና ቆንጆ ወዳኝ በዘፈን ጠራችኝ» ብሏቸዋል።

«እናቴ ዘፈኑን መጀመሪያ በሬዲዮ ስትሰማ የተናደደች ይመስልሃል? ምን በወጣት። ሳቀች። ‹ይሄ ልጅ አሁንም አልተነሳም?› አለች። በእኛ አገር ደቦ የተወረፈው ሰው ይነሳና ማጭድ ይዞ ከወራፊዋ ጎን ይቆማል። እሷም ስሙን ጠርታ ታሞግሰዋለች፤ ነገሩ በዚያ ያልቃል። ካልተነሳ ግን ሙገሳው ከሆዷ አይወጣም። ይኸው ይዛው አረጀች። አሁንም እዚያ ከወፍጮ ቤቱ ጀርባ፣ ከደጃፋችን ተቀምጣ ፀሐይ እየሞቀች ነው። እሁድ ደግሞ የመጨረሻው ወንበር ላይ ሆና የሻማውን ታሪክ ትሰማለች። እኔም እወደዋለሁ፣ የሻማውን ታሪክ። ስንት ዓመት ሙሉ በርታ አታልቅም እኮ...»

አንዱአምላክ ስፒሎቹን አንድ በአንድ ከአፉ አወጣ። ደረቱ ላይ ሰካቸው።

አለምወርቅ ክሩን በጥርሷ በጠሰችና ቀሚሱን ዘርግታ አየችው። ድምፅዋ እንደ ማር ለሰለሰ።

«ለነገሩ እኔ ለእኒያ ትልቅ ሰው ክፉ አልመኝም፣ አንዱዬ። እግዜር ዕድሜ ከጤና ይስጣቸው። ፀሐይ አይንካቸው። ዘመናቸውን ሁሉ ከጥላው አያውጣቸው። የሚያጭድላቸው ሰውም አይጥፋ።»

ደሳለው የተዘረጉ እጆቹን አወረደ። ስፒሎቹ ከሁለቱም ጎን ወጉት፤ እሱ ግን ልብ ያላቸውም አይመስልም። ልብስ ሰፊው ኮቱን ሊያወልቅለት እጁን ሲሰድ በአጠገቡ አልፎት ወጣ። አንድ እጅጌ አለው፣ ጀርባው በጠመኔ ተሰምሯል፣ የልብስ ሰፊው ሜትር አንገቱ ላይ እንደተንጠለጠለ ነው። መንገድ ላይ የቆሙ ልጆች አይተው ሳቁ።

ወደ ሆቴሉ የሚያወርደውን ቁልቁለት ተወው። በወፍጮ ቤቱ በኩል ታጠፈ።